ከጂፕሰሙ ጀርባ ያለው ሽቦ የማን ነው?

በጆሃንስበርግ መሐል ከተማ፣ በካርታ ላይ ራሂማ ሙሳ ተብሎ በሰው አፍ ግን ዛሬም ጄፔ በሚባለው ጎዳና ዙሪያ የሚገኙት ረጃጅም ሕንጻዎች በርከት ያሉት ለገበያ ተብለው የተሠሩ አይደሉም። በአንድ ወቅት የሐኪሞች ቢሮዎች ነበሩ፤ የአንዱ ሕንጻ ስም፣ ሜዲካል አርትስ፣ ይህንኑ ይመሰክራል። ሐኪሞቹና ደንበኞቻቸው መሐል ከተማውን ጥለው ሲሄዱ ክፍሎቹ ባዶ ቀሩ፤ ከ1990ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ (እዚህ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ኢትዮጵያውያን ነጋዴዎች ገቡባቸው። አንዱ የምርመራ ክፍል ሁለት ሱቅ፣ አንዱ የሕሙማን መጠበቂያ አራት ሱቅ ሆነ። የከተማ ፕላን ባለሙያዋ ታንያ ዛክ ለዓመታት ባደረጉት ጥናት እንዳሳዩት፣ ከደቡብ አፍሪካ ልዩ ልዩ ከተሞችና ከጎረቤት አገሮች የሚመጡ ቸርቻሪዎች ሸቀጥ የሚጭኑበት ትልቅ የንግድ ማዕከል ከእነዚያ ጠባብ ክፍሎች ተፈጠረ።

ታሪኩ በዲያስፖራው መድረክ በኩራት ይነገራል፤ ኩራቱም አይበዛበትም። ነገር ግን ከታሪኩ ዘወትር የሚዘለል ነገር አለ። ሐኪሙ ትቶት የሄደው ግድግዳና ነጋዴው ያቆመው ግድግዳ አንድ ዓይነት አይደሉም። የመጀመሪያው ጡብ ነው፤ የኤሌክትሪክ ሽቦው በልስኑ ውስጥ በተቀበረ ቱቦ፣ ሠራተኞች ኮንዲዊት በሚሉት፣ አልፎ ሳጥን ውስጥ ይገባል፣ ከሳጥኑም ወደ ሶኬት ይወጣል። ሁለተኛው ጂፕሰም ቦርድ ወይም ቺፑድ ነው፤ ቱቦው እዚያ ድረስ አይደርስም። ከአሮጌው ሶኬት አንድ ገመድ ተስቦ፣ በግድግዳው በተበሳ ቀዳዳ አልፎ፣ ወደ ጎረቤቱ ሱቅ ይገባል፤ ከዚያም ወደሚቀጥለው። ቱቦው ያበቃበት ቦታ የሕጉም ማብቂያ ይሆናል።

በዚህ ላይ የሚሰሙት ሁለት የተለመዱ አስተያየቶች አጥጋቢ አይደሉም። አንደኛው ነገሩ ድህነትና አለማወቅ ነው ይላል፤ ሁለተኛው የከተማው አስተዳደር ውድቀት ነው ይላል። የመጀመሪያው ሐሰት ነው፤ ሁለተኛው ግማሽ እውነት ነው። ሽቦ በግድግዳ ውስጥ በደህና እንዴት እንደሚያልፍ የሚያውቅ ሰው በጄፔ አይጠፋም፤ ዕቃውም በዚያው ከተማ በየሃርድዌር መደብሩ ይሸጣል። ሽቦው ያለ ቱቦ የሚያልፈው፣ በግድግዳው ግራና ቀኝ ካሉት ሁለት ተከራዮችና ከበላያቸው ካለው አከራይ አንዳቸውም «ይህ የእኔ ሽቦ ነው» ብለው የሚፈርሙበት ቀን ስለሌለ ነው። ያንን ቀን መፍጠር ከማንም በፊት የሚቻላቸው ደግሞ ፎቁን ተከራይተው ሸንሽነው የሚያከራዩት ኢትዮጵያውያን ናቸው።

ሥራው የሚጠይቀው

የክርክሩን ክብደት ለማየት ሥራው ምን እንደሚጠይቅ መረዳት ይገባል፤ የፖሊሲ ሰዎች ይህን ክፍል ለቴክኒሻን ትተው ማለፍ ስለሚወዱ ነው ጉዳዩ ሳይታይ የሚቀረው። በግድግዳ ውስጥ የሚያልፍ ሽቦ ሦስት ጠላቶች አሉት፦ ስለት፣ ሙቀትና የላላ ማያያዣ።

የጂፕሰም ግድግዳ አጽሙ አብዛኛውን ጊዜ ከስስ ብረት የተሠሩ ቋሚዎች ናቸው። ቋሚዎቹ ለሽቦ ማለፊያ የተዘጋጀ ቀዳዳ አላቸው፤ የቀዳዳው ጠርዝ ግን እንደ ተቆረጠ ቆርቆሮ ይቆርጣል። ስለዚህ ሽቦው ከመሳቡ በፊት ለቀዳዳው የጎማ ወይም የፕላስቲክ ቀለበት ይገጠምለታል፣ አለዚያም ሽቦው በቱቦ ውስጥ ሆኖ ያልፋል። ቀለበቱ የሳንቲም ዕቃ ነው። ካልተገጠመ ግን ሽቦውን የሚስበው እጅ ራሱ የሽቦውን ልባስ በብረቱ ላይ ይገፈዋል። ያን ቀን ምንም አይታይም፤ መብራቱ ይበራል፣ ሠራተኛው ሒሳቡን ተቀብሎ ይሄዳል። ጉዳቱ የሚገለጠው ግድግዳው ከተከደነ ከወራት በኋላ ነው። የብረቱ አጽም ከአርዝ ሽቦ ጋር ካልተያያዘ ደግሞ የተገፈፈው ሽቦ የነካው ቋሚ፣ ከቋሚውም ጋር የተገናኘው ብረት ሁሉ፣ ሰው ሊገድል የሚችል ኤሌክትሪክ ይዞ በዝምታ ሊቆም ይችላል።

በሰሜን አሜሪካ የእንጨት ቤቶች የሚኖሩ አንባቢዎች ይህን ሥርዓት በሌላ መልኩ ያውቁታል፤ ወይም ሳያውቁት ይጠብቃቸዋል። የአሜሪካ ብሔራዊ የኤሌክትሪክ ኮድ ሽቦው የሚያልፍበት ቀዳዳ ከቋሚው እንጨት ጠርዝ ቢያንስ 1¼ ኢንች፣ ማለትም 32 ሚሊ ሜትር ገደማ፣ እንዲርቅ ያዛል፤ ካልራቀ ፊቱ በብረት ሳህን መሸፈን አለበት። ትእዛዙ የተጻፈው ስለ ዛሬው ሠራተኛ ሳይሆን ስለ ነገው ሰው ነው፦ ስለ ሽቦው መንገድ ምንም ሳያውቅ ሥዕል ወይም መደርደሪያ ለመስቀል ብሎን ስለሚያስገባው ሰው። በቨርጂኒያ ሳሎን ይህ ሰው በዓመት አንድ ጊዜ ይመጣ ይሆናል። በጄፔ ሱቅ ግን ግድግዳው ከወለል እስከ ኮርኒስ የዕቃ መስቀያ ነው፤ ሸቀጡ በተለወጠ ቁጥር ብሎን ይነቀላል፣ ብሎን ይገባል። በቱቦ ያልተሸፈነ ሽቦ ያለበት እንዲህ ያለ ግድግዳ ጉዳት የሚደርስበት ቀን ብቻ ነው ያልታወቀው።

ሁለተኛው ሙቀት ነው። በሽቦ ውስጥ የሚፈጠረው ሙቀት በሚያልፈው ኤሌክትሪክ ልክ ሳይሆን በኤሌክትሪኩ ካሬ ልክ ያድጋል፤ አምፔሩ እጥፍ ሲሆን ሙቀቱ አራት እጥፍ ይሆናል። ይህን በእንጀራ ምጣድ ማስላት ይቻላል። የኤሌክትሪክ ምጣድ በተለምዶ ከ3.5 እስከ 4 ኪሎዋት ይወስዳል፤ በደቡብ አፍሪካው 230 ቮልት ሲካፈል ከ15 እስከ 17 አምፔር ገደማ ነው። የአገሩ የተለመደ ባለ ሦስት ክብ ቀዳዳ ሶኬት የተሠራው ለ16 አምፔር ነው። ስለዚህ አንድ ምጣድ ብቻውን፣ በአዲስና በትክክለኛ ሶኬት ላይ፣ ጣሪያው ላይ ይደርሳል፤ እንጀራ ጋጋሪ ደግሞ ምጣዱን ለአምስት ደቂቃ ሳይሆን ለሰዓታት ነው የምታቆየው። በዚያው መስመር ላይ የቡና ምድጃ፣ የውኃ ማፍያና የጎረቤት ሱቅ ማሞቂያ ሲጨመር፣ የጆሃንስበርግ ሐምሌ ደግሞ ብርዱ የዋዛ አይደለም፣ ብሬከሩ ይወድቃል። ብሬከር የሚጠብቀው ምጣዱን አይደለም፤ ግድግዳ ውስጥ ያለውን ሽቦ ነው። ለ2.5 ካሬ ሚሊ ሜትር ሽቦ የተገጠመውን ባለ 20 አምፔር ብሬከር አውጥቶ ባለ 40 መግጠም ችግሩን የፈታ ይመስላል፤ የተደረገው ግን ጠባቂውን አባርሮ ጩኸቱን ማስቆም ነው።

ሽቦዎች አንድ ላይ ሲታጨቁም ይሞቃሉ። ቱቦ መዋሉ ብቻ ደህንነት አይደለም፤ በቱቦው ውስጥ ሽቦዎቹ የሚይዙት ቦታ ከውስጥ ስፋቱ 40 በመቶ እንዳይበልጥ የሚደረገው ሽቦው ሲሳብ እንዳይቧጠጥና ሙቀቱ መውጫ እንዲያገኝ ነው። ባለ 20 ሚሊ ሜትር ቱቦ ውስጥ የአምስት ሱቅ ሽቦ በግድ የሚያስገባ ሠራተኛ ከላይ ሲታይ ሕግ ያከበረ ይመስላል። ስንት ሽቦ አለበት ብሎ ክዳኑን የሚከፍት ከሌለ ማን ያውቅበታል?

ሦስተኛው ከሁሉም አደገኛ፣ ከሁሉም የተናቀ ነው። ሁለት ሽቦ አጠማዝዞ በናስትሮ መጠቅለል ከአዲስ አበባ እስከ ጆሃንስበርግ የታወቀ ልማድ ነው። የሙያው ደንብ ግን ቀላል ነው፦ ማያያዣ በሳጥን፣ ኢትዮጵያውያን ሠራተኞች ስካቶላ በሚሉት፣ ውስጥ ብቻ ይሁን፤ ሳጥኑም ተደርሶ የሚከፈት ይሁን፤ በቱቦ ውስጥ ወይም በተከደነ ግድግዳ ውስጥ በናስትሮ የታሰረ ማያያዣ አይኑር። ምክንያቱን ብዙ ሰው አያውቀውም። የላላ ማያያዣ ሲግል ብሬከሩ አይወድቅም፤ ምክንያቱም የሚያልፈው ኤሌክትሪክ ከተፈቀደው አልበለጠም። የመሬት ፍሳሽ መቆጣጠሪያውም አይወድቅም፤ ምክንያቱም ወደ መሬት የፈሰሰ ነገር የለም። ሁለቱም ጠባቂዎች ሥራቸውን በትክክል እየሠሩ፣ ነጥቡ ከቺፑዱ አጠገብ ቀስ እያለ ይከስላል። ይህን የሚመክት መሣሪያ በአብዛኛው ማከፋፈያ ሳጥን ውስጥ የለም፤ የሚመክተው በደንብ የጠበቀ ብሎንና በጊዜው የሚከፍተው ሰው ብቻ ነው።

የመሬት ፍሳሽ መቆጣጠሪያውን ካነሡ አይቀር፣ ጆሃንስበርግ በዚህ ታሪክ ውስጥ ያላት ቦታ ትንሽ አይደለም። የሰውን ሕይወት ለማዳን የሚበቃ ስሜት ያለውን መቆጣጠሪያ ካዳበሩት ቀዳሚዎች አንዱ ሄንሪ ሩቢን የተባለ የደቡብ አፍሪካ መሐንዲስ ነው፤ በ1950ዎቹ ሥራውን የጀመረው በወርቅ ማዕድን ቆፋሪዎች ላይ ይደርስ ስለነበረው የኤሌክትሪክ አደጋ ሲባል ነበር። ዛሬ ይኸው መሣሪያ፣ 30 ሚሊአምፔር ፍሳሽ ሲያይ መስመሩን የሚቆርጠው፣ በአገሩ ቤቶች የሶኬት መስመር ላይ ግዴታ ነው። በከተማዋ ከመሬት በታች ለሚሠራው ሰው የታሰበለት ጥበቃ፣ ከሦስት ሩብ ምዕተ ዓመት ገደማ በኋላ በዚያችው ከተማ በአምስተኛ ፎቅ ላይ ተሸንሽኖ ለተከራየው ሱቅ ሳይደርስ ሊቀር ይችላል፤ ምክንያቱም በግድግዳ ቀዳዳ የሚመጣው ገመድ ከየትኛው ሳጥን እንደተነሣ የሚያውቅ የለም።

አንድ ነገር ይጨመር፤ ቀዳዳው ራሱ። ሽቦ ለማሳለፍ በግድግዳና በወለል የሚበሳው ቀዳዳ ሁሉ በእሳት ጊዜ የጢስ መንገድ ነው። በሥርዓት የተሠራ ቤት ውስጥ ቱቦው ካለፈ በኋላ ዙሪያው እሳት በሚቋቋም ነገር ይደፈናል። በእሳት አደጋ ብዙ ሰው የሚሞተው ነበልባሉ ሳይደርስበት በጢሱ ታፍኖ መሆኑ ሲታሰብ፣ ያልተደፈነው ቀዳዳ ከሽቦው ያላነሰ ጥያቄ ነው።

ወረቀቱ የሚጠየቀው መቼ ነው?

የደቡብ አፍሪካ ሕግ በዚህ ረገድ ደካማ አይደለም። በ1993 በወጣው የሥራ ጤናና ደህንነት ሕግ ሥር የ2009ኙ የኤሌክትሪክ ተከላ ደንብ አለ፤ ደንቡም ሳንስ 10142 የተባለውን የሽቦ ሥራ ደረጃ አስገዳጅ ያደርገዋል። ማንኛውም ተከላ በተመዘገበ ባለሙያ የተፈረመ የብቃት ምስክር ወረቀት ሊኖረው ይገባል። በነባር ተከላ ላይ መስመር ሲጨመር ወይም ሲለወጥ ቢያንስ ለተጨመረው ክፍል አዲስ ወረቀት ማውጣት ግዴታ ነው። ለተከላው ደህንነት፣ ለአጠቃቀሙና ለጥገናው ተጠያቂው ተጠቃሚው ወይም አከራዩ ነው፤ ኃላፊነቱ ወደ ተከራዩ የሚዛወረው በጽሑፍ ስምምነት ሲደረግ ነው።

በወረቀት ላይ ይህ በቂ ነው። ችግሩ ወረቀቱ በእርግጥ የሚጠየቅበት ሰዓት ነው። ቤት ሲሸጥ ከሁለት ዓመት ያልበለጠ ምስክር ወረቀት ከሌለ የባለቤትነት ዝውውር እንዳይፈቀድ ደንቡ ስለሚከለክል፣ ጠበቃው ይጠይቃል፣ ባንኩ ይጠይቃል፣ ገዢው ይጠይቃል። ማለትም ሥርዓቱ ጥርስ የሚያወጣው ንብረት በሚሸጥበት ቀን ነው። በሳንድተን ወይም በራንድበርግ የሚገኝ ቪላ በየጥቂት ዓመቱ እጅ ይለዋወጣል፤ በተለዋወጠም ቁጥር አንድ ባለሙያ ማከፋፈያ ሳጥኑን ይከፍታል። በጄፔ ያለው ሱቅ ግን አይሸጥም። ይከራያል፣ ተሸንሽኖ ዳግም ይከራያል፣ ለቁልፍ ተብሎ ገንዘብ ተከፍሎ ከሰው ወደ ሰው ይተላለፋል። ሕንጻው በመዝገብ የማን እንደሆነ የማይቀየር ሲሆን፣ በውስጡ ያለው ግድግዳ ግን በየዓመቱ ይቀያየራል። የሕጉ ዓይን ባለቤትነት በሚለወጥበት ቦታ ላይ ተተክሏል፤ አደጋው ያለው ግድግዳ በሚለወጥበት ቦታ ነው።

በዚህ ላይ የአከራይና የተከራይ ውሉ አፋዊ ነው፣ ወይም ከኪራዩ መጠንና ከቀኑ በስተቀር ምንም የማይል አንድ ገጽ ነው። የጽሑፍ ማዛወሪያ ከሌለ ሕጉ ኃላፊነቱን ለተከራዩ አሳልፎ አይሰጥም። ከሕንጻው ባለቤት ፎቁን የተከራየውና ስምንት ቦታ ሸንሽኖ የሚያከራየው ሰው ራሱን ደላላ አድርጎ ይቆጥር ይሆናል፤ ኪራይ እየተቀበለ እስካስረከበ ድረስ ግን የደንቡ ቃል «አከራይ» ሲል እሱንም የማይመለከትበት ምክንያት የለም። ይህን በጄፔ ጮክ ብሎ የሚናገር ሰው ጥቂት ነው፤ ምክንያቱም ያ አከራይ ብዙውን ጊዜ የአገር ልጅ፣ ቀድሞ የመጣ፣ ሥራ ያስጀመረ፣ በእቁብ የሚገናኙት ሰው ነው።

«ከተማው ራሱ ምን አደረገ?»

የመጀመሪያው ተቃውሞ ይህ ነው፤ ክብደትም አለው። በነሐሴ 31 ቀን 2023 ሌሊት በማርሻልታውን የኡሲንዲሶ ሕንጻ ሲቃጠል 76 ሰዎች ሞቱ። ሕንጻው በአፓርታይድ ዘመን ጥቁሮች የመግቢያ ፈቃድ የሚቀበሉበት ቢሮ፣ በኋላ የሴቶች መጠለያ የነበረ ሲሆን፣ ባለቤቱ ሌላ ማንም ሳይሆን የጆሃንስበርግ ከተማ ነበር። በቀድሞዋ የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤት ዳኛ ሲሲ ካምፔፔ የተመራው አጣሪ ኮሚሽን በ2024 ባቀረበው ሪፖርት ከተማውንና የከተማውን የንብረት ኩባንያ ተጠያቂ አድርጓል፤ ሁኔታው ቢያንስ ከ2019 ጀምሮ ይታወቅ እንደነበርም ገልጿል። ከዚያ በፊት በመስከረም 2018 የጋውቴንግ ክፍለ ሀገር መንግሥት ቢሮዎች የነበሩበት የባንክ ኦፍ ሊዝበን ሕንጻ ተቃጥሎ ሦስት የእሳት አደጋ ሠራተኞች ሞተዋል። ሕንጻው ከደህንነት መስፈርቶቹ ያሟላው 21 በመቶ ብቻ እንደነበር የመንግሥቱ ባለሥልጣናት ራሳቸው ተናግረዋል። ሚኒስትሮቹን በ21 በመቶ ሕንጻ ውስጥ የሚያስቀምጥ መንግሥት የጄፔን ሱቅ ሊያስተምር የሚችል አይመስልም።

ይሁን እንጂ ከዚህ የሚወሰደው ድምዳሜ ብዙ ጊዜ የተገለበጠ ነው። ኡሲንዲሶን ያቃጠለው የኤሌክትሪክ ሽቦ እንዳልሆነ፣ አንድ ሰው እሳቱን እንደለኮሰ በኮሚሽኑ ፊት መናገሩን የሚጠቅሱ አሉ፤ እውነት ነው። ነገር ግን የአንድ ሰው ክብሪት ወይም የአንድ ሽቦ ፍንጣሪ ሰባ ስድስት ሰው ለመግደል ብቻውን አይበቃም። የሚያበቃው ክፍሎቹ በተቃጣይ ነገር መሸንሸናቸውና መውጫው መዘጋቱ ነው። ያ ሽንሸና የሠራው ግድግዳና ገመድ የሚያልፍበት ግድግዳ አንድ ነው። ከተማው ጠባቂ ካልሆነ፣ ከተማው ጠባቂ እንደሚሆን ተስፋ አድርጎ መሸንሸን ይበልጥ ያስጠይቃል እንጂ አያስተሰርይም። «ከተማውም አልሠራም» የሚለው መልስ ለጋዜጠኛ ይበቃ ይሆናል፤ በሱቁ ውስጥ ለሚያድረው ልጅ አይበቃም።

እዚህ ላይ የልጁ ጉዳይ መነሣት አለበት። ጄፔ የሚደርሰው ወጣት ብዙውን ጊዜ በደቡብ መንገድ፣ በኬንያ፣ በታንዛኒያ፣ በማላዊና በሞዛምቢክ አቋርጦ፣ በዕዳ የመጣ ነው። ለሥራ የሚቀጥረው ሰው የሚያስገባው እንደ ዘመድ ነው፤ ማደሪያ ካጣ ከዕቃው መሐል ያድራል። «ጋሼ፣ ይሄ ሶኬት ይሞቃል» ለማለት የሚያስችል አቅም የለውም፤ ቢልም «አትንካው፣ ይሠራል» ይባላል። ይህ ሰው በየትኛውም የፖሊሲ ሰነድ ውስጥ ተከራይ ተብሎ አልተመዘገበም። ሲሞት ግን እድሩ ይሰበሰባል፣ ገንዘብ ይዋጣል፣ አስከሬኑ በክብር ወደ አገሩ ይላካል። ከሞተ በኋላ ለአንድ ሰው ይህን ያህል የሚያዋጣ ማኅበረሰብ በሕይወት እያለ ለአንድ ጥቅል ቱቦ የማያዋጣበትን ምክንያት በድህነት ማስረዳት አይቻልም።

ሁለተኛው ተቃውሞ ከመጀመሪያው ይበልጥ የሚያሳስብ ነው። በደህንነት ስም የሚመጣ ፍተሻ በጆሃንስበርግ ለስደተኛ ምን ማለት እንደሆነ ታይቷል። በ2019 ነሐሴ መሐል ከተማውን ያናወጡት የፖሊስ ዘመቻዎች የሚፈልጉት ሐሰተኛ ሸቀጥና የመኖሪያ ወረቀት ነበር፤ ማከፋፈያ ሳጥን ለመክፈት የመጣ አልነበረም። የውጭ ዜጎች ይውጡ የሚሉ ቡድኖች ከኡሲንዲሶ በኋላ ድምፃቸውን ከፍ አድርገዋል። በዚህ ሁኔታ «ሽቦዬን መርምሩልኝ» ብሎ መጥራት በር መክፈት ነው፤ የሚገባው ማን እንደሆነ አይታወቅም።

ፍርሃቱ መሠረት አለው፤ ለዚያም ነው የ2008ቱ የኦሊቪያ ሮድ ፍርድ መነበብ ያለበት። ከተማው ሕንጻዎቹ ለጤናና ለደህንነት አደገኛ ናቸው ብሎ ነዋሪዎቹን ለማስወጣት ሲሞክር፣ የሕገ መንግሥት ፍርድ ቤት በቅድሚያ ከነዋሪዎቹ ጋር ትርጉም ያለው ውይይት እንዲደረግ አዘዘ። ከውይይቱ የወጣው ስምምነት በጊዜያዊነት ሕንጻዎቹን የማሻሻል ሥራ ያካተተ ነበር፤ የእሳት ማጥፊያ መግጠም ሳይቀር። የፍርዱ ትምህርት «አደገኛ ነው» ከሚለው ቃል በኋላ የሚከተለው የግድ «ውጡ» አለመሆኑ ነው፤ «እናስተካክል» ሊሆን ይችላል። ነገር ግን ይህ የሚሆነው በጠረጴዛው ማዶ የሚቀመጥ፣ የፎቁን የሽቦ ንድፍ በእጁ የያዘ፣ የተደራጀ ወገን ሲኖር ነው። ባዶ እጁን የመጣ ሰው የሚጠብቀው መፈናቀል ነው። ከጄፔ አከራዮች መካከል በፎቁ ላይ ስንት ሱቅ በስንት ብሬከር እንደሚሠራ በአንድ ወረቀት አስቀምጦ የሚያሳይ ቢኖር፣ ከማንኛውም ሰላማዊ ሰልፍ የሚበልጥ የሕግ መከላከያ ይዟል።

የአከራዩ ድርሻ

ሥራው የሕንጻ ማፍረስ አይደለም። በተሸነሸነ ፎቅ ላይ ጡብ መሰንጠቅና ቱቦ መቅበር አያስፈልግም፤ በኮሪደሩ ጣሪያ ሥር በግልጽ የሚሄድ ክዳን ያለው የሽቦ ቦይ ዘርግቶ፣ ከእሱ ወደ እያንዳንዱ ሱቅ አጭር ቱቦ ማውረድ፣ ለእያንዳንዱም የራሱን ብሬከር መስጠት ይበቃል። በግልጽ የሚታይ ቱቦ ከተቀበረው ቱቦ አያምርም፤ ግን ማንም አይበሳውም፣ ማንም ሳይታይ አይቀጥልበትም። እንጀራ የሚጋገርበትና ምግብ የሚበስልበት ክፍል ከማከፋፈያ ሳጥኑ በቀጥታ የሚነሣ የራሱ ወፍራም መስመር ይኖረው፤ ለሶኬት አይተው። በግድግዳ ቀዳዳ የሚያልፍ ኤክስቴንሽን በየትኛውም የታወቀ ደንብ ቋሚ ተከላ አይደለምና በውሉ ላይ ይከልከል።

ወጪውን ማን ይክፈል የሚለው ጥያቄ ከሚመስለው ይቀላል። ክፍሉን አራት ቦታ የሸነሸነው ሰው ከአንድ መስመር አራት ኪራይ እየሰበሰበ ነው፤ የቁልፍ ገንዘቡንም አራት ጊዜ ተቀብሏል። አራተኛው ኪራይ የተገኘው አራተኛውን መስመር ባለመዘርጋት ነው ማለት ማጋነን አይደለም። ተከራዩ ደግሞ ኪራይ የሚጨምርበትን አከራይ ተጠራጥሮ ይኖራል፤ ሆኖም የራሱ ብሬከርና የራሱ ቆጣሪ ያለው ተከራይ የጎረቤቱን መብራት ከመክፈልም ይድናል። በጄፔ ከሚነሡት የዘወትር ጠቦች አንዱ የሆነው «የማን ምጣድ ነው ይህን ያህል የበላው» የሚለው ክርክር በዚሁ ያበቃል።

በባለሙያ በኩል ያለው እንቅፋት ግን እውነተኛ ነው። ምስክር ወረቀት መፈረም የሚችለው የተመዘገበ ሰው ብቻ ነው። አዲስ አበባ ወይም ባሕር ዳር ተምሮ ለዓመታት የሠራ ኢትዮጵያዊ ኤሌክትሪሺያን፣ የጥገኝነት ወረቀቱ በየወሩ የሚታደስ ከሆነ፣ እጁ እንጂ ፊርማው አይሠራም። ስለዚህ ሥራው ለሚያውቅ ሰው ሳይሆን ለሚረክስ ሰው ይሰጣል። የሙያ ማኅበራት ያላቸው የዲያስፖራ መሐንዲሶች፣ በሰሜን አሜሪካና በአውሮፓ ያሉት፣ በየጉባኤው ስለ ዕውቀት ሽግግር ሲናገሩ ሁልጊዜ የሚያስቡት አዲስ አበባን ነው። የምዝገባ ፈተናውን የሚያልፍበትን ሥልጠና ለሃያ የጄፔ ሠራተኞች መክፈል ከብዙ የጉባኤ ወጪ ያነሰ ነው፤ ወረቀታቸው ላልተሟላው ደግሞ ከተመዘገበ ደቡብ አፍሪካዊ ባለሙያ ጋር ተጣምረው የሚሠሩበትን መንገድ ማበጀት ይቻላል።

ይህ የጆሃንስበርግ ብቻ ችግር እንዳልሆነ ለማሳየት ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። በጥቅምት 2024 በመርካቶ ሸማ ተራ የተነሣውን እሳት ያየ ሰው፣ የተጣበቁ ሱቆች፣ የማይገባ የእሳት አደጋ መኪናና ከዳር የቆሙ ባለንብረቶች ምን እንደሚመስሉ ያውቃል። የሽንሸናው ጥበብ ከመርካቶ ወደ ጄፔ ተጉዟል፤ ከእሱ ጋር የቁልፍ ገንዘቡም። በመርካቶ ግን ነጋዴው ቢያንስ የከተማው ነዋሪ ነው፤ ይካሳል አይካስም ብሎ የሚከራከርበት ቀበሌ አለው። በጄፔ ዕቃው ቢቃጠል መድን የሚከፍለው የብቃት ምስክር ወረቀት ላለው ነው፤ ወረቀት ለሌለው ነጋዴ ኪሳራው የአንድ ሌሊት ሳይሆን የአሥር ዓመት ነው፣ ዕዳውም እስከ ሆሳዕና ድረስ ይሄዳል።

በመጨረሻ ስለ ቋንቋ። ሁሉም እንዲያከብረው የታዘዘው የሽቦ ሥራ ደረጃ በእንግሊዝኛ የተጻፈ፣ በገንዘብ የሚሸጥ ሰነድ ነው፤ ሕግ የሆነ ነገር መሸጡ ራሱ ሌላ ክርክር ያስነሣል። አከራዩም ተከራዩም አንብበውት አያውቁም። ከእሱ የሚያስፈልገው ክፍል፣ ለተሸነሸነ ሱቅ የሚሆነው፣ በአማርኛና በኦሮምኛ በሁለት ገጽ ይጻፋል፤ በሃዲይኛም ቢሆን ይጠቅማል፤ ብዙው ነጋዴ ከየት እንደመጣ ይታወቃልና። ያ ሁለት ገጽ የኪራይ ውሉ አባሪ ሆኖ ቁልፉ ከመረከቡ በፊት ይፈረም፦ ስንት ሶኬት፣ በስንት አምፔር ብሬከር፣ ከየትኛው ሳጥን፣ በየትኛው ቱቦ፣ በማን ፊርማ። የአከራዩ ስም ከላይ፣ የተከራዩ ከታች። በማከፋፈያ ሳጥኑ ክዳን ውስጥም እያንዳንዱ ብሬከር ለየትኛው ሱቅ እንደሆነ በአማርኛ ይለጠፍ፤ ሌሊት ጢስ ሸትቶት ከዕቃው መሐል የሚነሣው ልጅ የትኛውን ማጥፋት እንዳለበት ማንበብ እንዲችል።